ፊታቸው የማን ነው? ከ18 ማዞሪያ እስከ ቆሼ፣ «የተጣሉ» ሰዎችን የሚቀርጹ ካሜራዎች

ኮልፌ 18 ማዞሪያ፣ አመሻሽ ላይ። የታክሲ ሰልፉ ረዝሟል፣ ረዳቶች «ጦር ኃይሎች! አየር ጤና!» እያሉ ይጮሃሉ። መንገዱ ዳር አንዲት እናት ማዳበሪያ አንጥፈው ተቀምጠዋል። አንድ ወጣት ማይክ ይዞ ይጠጋቸዋል፣ ጓደኛው ደግሞ ስልኩን ደግኗል።

«እማማ፣ እንዴት እዚህ ደረሱ? ልጅ የለዎትም እንዴ?»

እሳቸው መልስ ሳይሰጡ ነጠላቸውን ወደ ፊታቸው ይስባሉ። ስልኩ ግን አሁንም እየቀረጸ ነው።

ይህን ያላየ የአዲስ አበባ ልጅ ያለ አይመስለኝም። 18 ላይ ካላያችሁት መርካቶ ወይም መገናኛ አይታችሁታል። በአካል ካላያችሁት ደግሞ ስልካችሁ ላይ መጥቶላችኋል። ጎዳና ላይ የሚኖር ሰው፣ የአእምሮ ሕመም ያለባት ሴት፣ ቆሻሻ ለቅሞ የሚኖር ወጣት፣ «ከሰው ተለይተው» የሚኖሩ አዛውንት። በየቀኑ አዲስ ፊት፣ በየቀኑ አዲስ እንባ።

ጥያቄያችን ቀላል ነው። እነዚህ ቪዲዮዎች የማንን ሕይወት እየቀየሩ ነው?

*እንባ ቪው ያመጣል*

መጀመሪያ ፍትሐዊ እንሁን። በእንዲህ ዓይነት ቪዲዮ መታከሚያ ገንዘብ ያገኘ ሰው አለ። ከቤተሰቡ ጋር የተገናኘ አለ። መጠለያ የገባም አለ። «ባይቀርጿቸው ኖሮ ማን ያያቸው ነበር?» የሚለው ክርክር ባዶ አይደለም፤ በቁም ነገር መልስ ሊሰጠው ይገባል።

ግን የቪዲዮዎቹን አሠራር ልብ ብላችሁ እዩት። ከስር የሚያሳዝን ክላሲካል ሙዚቃ ይገባል። ሰውየው ሲያለቅስ ካሜራው ወደ ዓይኑ ይጠጋል። ጥያቄዎቹም ያው ናቸው። «ባልሽ ጥሎሽ ነው?» «ሱስ ነው?» «ድግምት ነው?» «የእንጀራ እናት ነች?» መጨረሻ ላይ የሒሳብ ቁጥር ይመጣል፣ ከዚያ «ሰብስክራይብ ማድረግ እንዳትረሱ»።

በዚህ አሠራር ውስጥ ድህነት ሁልጊዜ የአንድ ሰው ዕጣ ፈንታ ነው። ወይ ሰውየው አጥፍቷል፣ ወይ ክፉ ዘመድ ገጥሞታል፣ ወይ ዕድሉ ጠሟል። የቤት ኪራይ፣ ከቀዬ መፈናቀል፣ ሕክምና ማጣት፣ የከተማ ውሳኔ፣ እነዚህ ቪዲዮው ውስጥ አይገቡም። ለምን? ምክንያቱም አያስለቅሱም።

የእኛ ሐሳብ ይሄ ነው። በኅብረተሰቡ ጠርዝ ላይ ስለሚኖር ሰው የሚሠራ ጥሩ ዘገባ ሰውየውን ብቻ አያሳይም፤ ወደዚያ ጠርዝ የወሰደውን መንገድም ያሳያል። መንገዱን ካላሳየ ፊቱን ሸጧል ማለት ነው።

ይህን ለማየት ሩቅ መሄድ አያስፈልግም። ከ18 ማዞሪያ ታክሲ ይዛችሁ፣ በጦር ኃይሎች በኩል ወደ ደቡብ ብትወርዱ እዚያው ኮልፌ ቀራኒዮ ክፍለ ከተማ ውስጥ ታገኙታላችሁ።

*ከተማዋ የማትፈልገውን ወዴት ጣለች?*

ዘነበወርቅ የምንለው ሰፈር ስሙን ያገኘው በአጼ ኃይለሥላሴ ልጅ በልዕልት ዘነበወርቅ ስም ከተሰየመው ሆስፒታል ነው። ሆስፒታሉ በ1930ዎቹ (እ.ኤ.አ.) ለሥጋ ደዌ ሕሙማን ሲቋቋም ቦታው ከከተማው ውጭ ነበር። የሩቅ ቦታ መመረጡም በአጋጣሚ አልነበረም፤ በዚያ ዘመን በዓለም ዙሪያ የሥጋ ደዌ ታማሚ ከሰው ተለይቶ እንዲኖር ይደረግ ነበር። በ1965 እ.ኤ.አ. ደግሞ እዚያው ቦታ ላይ አለርት ተመሠረተ። ከመላው አፍሪካ የሚመጡ የሕክምና ባለሙያዎች የሚሠለጥኑበት ማዕከል ሆነ።

ከየክፍለ ሀገሩ ለሕክምና የመጡ ሰዎች ብዙዎቹ ወደ አገራቸው አልተመለሱም። መመለስ ሳይፈልጉ ቀርተው አይደለም። በሽታው በዘር ይተላለፋል ተብሎ ይታመን ስለነበር ቤተሰብ፣ ጎረቤት፣ ትዳር፣ ሁሉም ተዘግቶባቸው ነው። ስለዚህ ሆስፒታሉ ዙሪያ ጎጆ ቀለሱ፣ ወለዱ፣ ሰፈር ሆኑ።

እውነታው ግን ሌላ ነው። ሥጋ ደዌ በባክቴሪያ የሚመጣ በሽታ ነው። ባክቴሪያውን ኖርዌያዊው ሐኪም ሐንሰን ያገኘው በ1873 እ.ኤ.አ. ነበር። ከ1980ዎቹ ወዲህ ደግሞ በተቀናጀ መድኃኒት፣ ከ6 ወር እስከ 1 ዓመት ባለው ጊዜ ይድናል። ሕክምና የጀመረ ሰው ወደ ሌላ ሰው አያስተላልፍም። ሳይንሱ ይህን ካለ ስንት ዘመኑ! ስድቡ ግን አሁንም አፋችን ላይ አለ።

አሁን ቀጣዩን ልብ በሉ። በ1960ዎቹ (እ.ኤ.አ.) ከተማዋ ቆሻሻዋን የምትጥልበት ቦታ ስትፈልግ የት አገኘች? እዚያው አጠገብ። ቆሼ ተባለ። ያኔ ዳር ነበር። ከተማው እየሰፋ ሲሄድ ግን ቆሼ መሐል ሆነ፣ ክምሩም ተራራ ሆነ።

አያችሁት? መጀመሪያ «አንይህ» የተባለው ሰው ወደዚያ ተላከ። ቀጥሎ «አናይህም» የተባለው ቆሻሻ እዚያው ተደፋ። ከዚያ መሐል ከተማ የቤት ኪራይ ያልቻለ ደሃ ክምሩ ሥር የጭቃና የላስቲክ ቤት ሠራ። እንዲህ ሆኖ ነው ጠርዝ የሚፈጠረው። በዕጣ ፈንታ የሚመጣ ነገር አይደለም፣ በውሳኔ ላይ ውሳኔ ተደርቦ የሚመጣ ነው።

እዚያ የሚኖረው ሰው ደግሞ ተቀምጦ የሚያለቅስ ሰው ብቻ አልነበረም። የቆሼ ሰው ሠራተኛ ነው። የቆሻሻ መኪና ሲገለብጥ ብረቱን ከፕላስቲኩ፣ ፕላስቲኩን ከጠርሙሱ ይለያል። በየሰፈራችን «ቆራሌው!» እያለ የሚዞረው ልጅ ከሚሰበስበው ጋር ተደምሮ የከተማዋ ቁርጥራጭ ወደ ምናለሽ ተራና ወደ ፋብሪካ ይመለሳል። ዛሬ ጉባኤ ተጠርቶ «ሪሳይክሊንግ» የሚባለውን ነገር እነዚህ ሰዎች ያለ ጓንት ለዓመታት ሠርተውታል። በየትኛው ቪዲዮ ላይ ነው እንደ ባለሙያ የተጠየቁት?

*ካሜራው የመጣው ቅዳሜ ማታ ነው*

መጋቢት 2 ቀን 2009 ዓ.ም.፣ ቅዳሜ ምሽት፣ የቆሼ ክምር ተናደ። ከ110 በላይ ሰዎች ሞቱ፣ አብዛኞቹ ሴቶች ነበሩ። የሦስት ቀን ብሔራዊ ሐዘን ታወጀ። የዓለም ሚዲያ በሙሉ መጣ። ለጥቂት ቀናት ቆሼ የማትታወቅበት አገር አልነበረም።

ከዚያስ? ካሜራው ሄደ።

ካሜራው አደጋውን በደንብ አሳየን። መንገዱን ግን ስንቶቻችን አየነው? በ2008 ዓ.ም. ሰንዳፋ አካባቢ አዲስ የቆሻሻ ማስወገጃ ተከፍቶ ነበር። የአካባቢው ገበሬዎች መሬታችንና ውኃችን ተበከለ ብለው ተቃወሙ፣ ከወራት በኋላ ሥራ አቆመ። ቆሻሻው ወደ ቆሼ ተመለሰ። ዓመት ሳይሞላ ክምሩ ተናደ። ይሄ የሚያሳየው የአንድ ቤተሰብን መጥፎ ዕድል አይደለም። የአንድ ከተማን ቆሻሻ አንዱ ደሃ ወደ ሌላው ደሃ እንዲወረውረው የተደረገበትን አሠራር ነው የሚያሳየው።

ነሐሴ 2010 ዓ.ም. ላይ እዚያው ረጲ ከቆሻሻ ኃይል የሚያመነጭ ፋብሪካ ተመረቀ። በቀን 1,400 ቶን ቆሻሻ ማቃጠል እንዲችል ታስቦ የተሠራ ሲሆን በአፍሪካ የመጀመሪያው ተብሎለታል። ለምረቃውም ካሜራ መጣ። በሞትና በምረቃ መሐል ያለው ዘመን፣ ማለትም ሕይወት የሚባለው ነገር፣ ያለ ካሜራ አለፈ።

*ፊልሙን የያዘው ያሸንፋል*

ይህ ነገር ከቲክቶክ ጋር የመጣ እንዳይመስላችሁ። በአገራችን ታሪክ ትልቁን ፖለቲካዊ ሥራ የሠራው ዘጋቢ ፊልም የድሆችን ፊት የያዘ ነው።

ጥቅምት 1966 ዓ.ም. እንግሊዛዊው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ ስለ ወሎ ረሃብ የሠራው ፊልም በእንግሊዝ ቴሌቪዥን ታየ። ንጉሣዊው መንግሥት የደበቀውን ረሃብ ዓለም አወቀው፣ እርዳታም መጣ። እስከዚህ ድረስ ካሜራው ሥራውን ሠርቷል።

ቀጥሎ የሆነውን እዩ። መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ምሽት ደርግ ያንኑ ፊልም በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን አሳየ። ግን እንዳለ አይደለም። በረሃብተኞቹ ምስል መሐል የቤተ መንግሥት ግብዣና ድግስ እየገባ ተቆራርጦ ነው። በማግስቱ መስከረም 2 ቀን ንጉሡ ከዙፋን ወርደው በቮልስዋገን ተወሰዱ። ፊልሙ መንግሥት አወረደ ቢባል ማጋነን ነው፣ ግን ሕዝቡን ለዚያ ቀን አዘጋጅቷል።

ፊታቸው የታየው የወሎ ገበሬዎችስ? ከ10 ዓመት በኋላ፣ ጥቅምት 1977 ዓ.ም.፣ የመሐመድ አሚን ካሜራና የማይክል ቡርክ ዘገባ ከኮረም ሲተላለፍ ያው ረሃብ፣ ያው አካባቢ፣ ያው ፊት ነበር። በመሐሉ መንግሥት ተቀይሯል። ፊልም ጥንካሬ እንዳለው ታይቷል። ነገር ግን ጥንካሬው የተቀረጸው ሰው እጅ ላይ አልነበረም፤ የሚቆርጠውና የሚቀጥለው ሰው እጅ ላይ ነበር።

ዛሬ መቁረጫው በየኪሳችን አለ። የተቀየረው ይሄ ብቻ ነው።

*«ታሪኬ ነው» ስትል*

2006 ዓ.ም. መጨረሻ ላይ የዘረሰናይ ብርሃኔ መሐሪ «ድፍረት» ፊልም አዲስ አበባ ላይ ሊመረቅ ሰው ተሰብስቦ ነበር። ፊልሙ የተጠለፈች፣ ጠላፊዋን የገደለችና ራስን በመከላከል ነፃ የወጣች ታዳጊ እውነተኛ ታሪክን መነሻ ያደረገ ነው። በሰንዳንስና በበርሊን የተመልካች ሽልማት አግኝቶ የመጣ፣ የሚያኮራ ሥራ ነበር። ሊጀምር ሲል ግን የፍርድ ቤት እግድ መጣ። ታሪኩ የእሷ የሆነችው ሴት በፊልሙ ላይ ቅሬታ ነበራት። በኋላ እግዱ ተነስቶ ፊልሙ ታይቷል።

ማን ትክክል ነበር የሚለውን እዚህ አንፈርድም። ትምህርቱ ግን ግልጽ ነው። ዓላማው ጥሩ የሆነ፣ ዓለም ያጨበጨበለት ሥራ እንኳ «የእኔስ ድርሻ?» የሚል ጥያቄ ሊነሳበት ይችላል። እዚያ ጥያቄው የተነሳው ጠበቃ ይዛ ፍርድ ቤት መሄድ የቻለች ሴት ስለነበረች ነው። 18 ማዞሪያ ላይ ነጠላቸውን የሚስቡት እናትስ የት ይሄዳሉ?

*ሕጉ ምን ይላል?*

«መንገድ ላይ ያለ ሰው ነው፣ ማንም መቅረጽ ይችላል» የምትሉ ካላችሁ፣ እንዲህ ቀላል አይደለም።

በ1952 ዓ.ም. የወጣውና አሁንም የሚሠራው የፍትሐ ብሔር ሕግ አንቀጽ 27 የሰው ፎቶግራፍ ወይም ምስል ያለ ባለቤቱ ፈቃድ በአደባባይ ሊታይ፣ ሊባዛ ወይም ሊሸጥ አይችልም ይላል። አንቀጽ 28 ልዩ ሁኔታዎችን ያስቀምጣል፤ ታዋቂ ሰው ወይም ባለሥልጣን ሲሆን፣ ለፍትሕ ሥራ ሲያስፈልግ፣ ለሳይንስ፣ ለባህልና ለትምህርት ሲሆን፣ ወይም ሕዝብን ከሚመለከት ወይም በአደባባይ ከተፈጸመ ነገር ጋር ሲያያዝ። ማለትም የቆሼን አደጋ መዘገብ አንድ ነገር ነው፣ የአንዲትን ሴት ፊት በቅርበት ይዞ የትዳሯንና የሕመሟን ታሪክ ለማስታወቂያ ገቢ ማዋል ሌላ ነገር ነው። አንቀጽ 29 ደግሞ ባለምስሉ እንዲቆምለት መጠየቅና ካሳ ማግኘት እንደሚችል ይደነግጋል።

ሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 26 ላይ የግል ሕይወትን ይጠብቃል። በ2016 ዓ.ም. የወጣው የግል መረጃ ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 1321 ደግሞ የሰውን የአካልና የአእምሮ ጤና መረጃ የተለየ ጥንቃቄ ከሚያስፈልጋቸው ውስጥ አስገብቶታል።

ችግሩ የሕጉ አለመኖር አይደለም። ሕጉን የሚጠቀመው ሰው ስልክ የለውም፣ ቪዲዮው መውጣቱንም ላያውቅ ይችላል። ፈቃድ የሚባለውም ነገር ቢሆን በደንብ መታየት አለበት። የራበው ሰው ዳቦ ይዞ ለመጣ ሰው «አይ» ማለት ይችላል? በአእምሮ ሕመም ውስጥ ያለ ሰው «እሺ» ቢል ነገ ሲሻለው የዛሬውን «እሺ» ይቀበለዋል?

*ታዲያ አይቀረጽ?*

ኧረ ይቀረጽ! አለማሳየትማ ዘነበወርቅን ከከተማ ያወጣው አስተሳሰብ ነው። መደበቅ መፍትሔ ቢሆን የወሎ ረሃብ ሰው ባልጨረሰ።

ጥያቄው እንዴት የሚለው ነው። ሁለት ምሳሌ እንይ። ሐረር ያደገችው ጄሲካ በሽር «ፋያ ዳዪ» የተባለውን ዘጋቢ ፊልሟን ለመሥራት 10 ዓመት ገደማ ወስዶባታል። በ2021 እ.ኤ.አ. ሰንዳንስ ላይ ታየ፣ ከዚያም ለኦስካር በዘጋቢ ፊልም ዘርፍ ከተመረጡት 15 ፊልሞች ዝርዝር ውስጥ ገባ። ፊልሙ ስለ ጫት ነው፤ ግን አንድም ሱሰኛ ተብሎ የሚጠቆም ሰው የለበትም። የሚያመርተው፣ የሚጭነው፣ የሚቅመው፣ ልሰደድ የሚለው ወጣት፣ ሁሉም በአንድ ሰንሰለት ውስጥ ይታያሉ። ከፊልሙ ስትወጡ «ምስኪን» አትሉም፣ «ለምን ሌላ ምርጫ አጡ?» ትላላችሁ።

ሌላው በ2007 እ.ኤ.አ. የወጣው «ኤ ዎክ ቱ ቢዩቲፉል» ነው። በፌስቱላ ምክንያት ከሰው የተገለሉ ሴቶችን ከገጠር እስከ አዲስ አበባ ፌስቱላ ሆስፒታል ይከተላል። ሴቶቹ የሚያሳፍር ነገር እንዳልሠሩ፣ የጎደለው በምጥ ጊዜ የሚደርስ መንገድና ሐኪም እንደሆነ በቀላሉ ይገባችኋል። እርግማን የተባለው ነገር የመንገድና የጤና ጣቢያ ጉዳይ ሆኖ ይገኛል። ልክ እንደ ሥጋ ደዌው።

ሁለቱም ጊዜ ወስደዋል፣ ሁለቱም መንገዱን አሳይተዋል።

ኮልፌ ደግሞ ሌላ ምሳሌም አላት። በ1962 እ.ኤ.አ. አንድ በአገሩ መንግሥት የሚታደን ሰው እዚህ የፖሊስ ካምፕ ውስጥ ወታደራዊ ሥልጠና ወስዷል። ኔልሰን ማንዴላ ይባላል። ስለ ኮልፌ ቆይታው በዋናነት የምናውቀው ራሱ በጻፈው ግለ ታሪክ ነው። በአገሩ መንግሥት ዓይን አሸባሪ ነበር። ራሱ ሲናገር ግን ሌላ ሰው ሆኖ አገኘነው። ማን ነው የሚናገረው የሚለው ጥያቄ ይህን ያህል ለውጥ ያመጣል።

*ሼር ከማድረጋችሁ በፊት*

እኛም እንደ ገጽ ራሳችንን የምንጠይቃቸው አምስት ጥያቄዎች አሉ። እናንተም ቪዲዮ ስትሠሩ ወይም ሼር ስታደርጉ ጠይቁ።

1. ሰውየው ቪዲዮው የት እንደሚወጣና ማን እንደሚያየው ገብቶታል? ካሜራው ሲጠፋ «አውጣው» ብሏል?
2. ልጅ፣ ወይም በሕመም ምክንያት መወሰን የማይችል ሰው ከሆነ ፊቱ ለምን አልተሸፈነም?
3. ገንዘብ ከተሰበሰበ በማን ስም ገባ? ከቪዲዮው የተገኘው ገቢስ ለማን ሆነ?
4. ታሪኩ «ምን አጠፋህ?» ብቻ ነው የሚጠይቀው ወይስ «ምን ሆኖብህ ነው፣ በማን ውሳኔ?» ብሎም ይጠይቃል?
5. እናታችሁ ብትሆን ይህን ቪዲዮ ትለቁታላችሁ?

አምስተኛው ላይ ብዙዎቻችን እንወድቃለን።

እርዳታ መስጠት የሚፈልግ ሰው ካሜራ አያስፈልገውም። ሐቅ ማሳየት የሚፈልግ ሰው ደግሞ ከእንባው አልፎ መሄድ አለበት። በእነዚህ ሁለት መሐል ያለው፣ እርዳታም ሐቅም ያልሆነው ነገር ነው ዛሬ ስልካችንን የሞላው። እሱን የሚያሳድገው ደግሞ የእኛ ጣት ነው። ባናይ አይሠሩትም።

ወደ 18 ማዞሪያ እንመለስ። ነጠላቸውን ወደ ፊታቸው የሳቡት እናት አንድም ቃል አልተናገሩም። ግን መልስ ሰጥተዋል። በአማርኛ ከዚህ የበለጠ ግልጽ የሆነ «አይሆንም» የለም። የጠፋው ያንን የሚሰማ ሰው ነው።

እናንተስ? ሰሞኑን ካያችኋቸው እንዲህ ዓይነት ቪዲዮዎች ውስጥ መንገዱን ያሳየ የቱ ነው? ፊት ብቻ የሸጠውስ?